የሰው ፊት አደራ ነው

«ያየሁትን ነው ያሳየሁት።» ዘጋቢ ፊልም የሚሠራ ሰው በሥራው ሲወቀስ ፈጥኖ የሚያነሣው ጋሻ ይህ ነው። ጋሻው ጠንካራ ይመስላል። የልብ ወለድ ደራሲ ቢጠየቅ «ፈጠርሁት» ብሎ ያልፋል፤ ዘጋቢ ፊልም ሠሪው ግን የሚያቀርበው በእውን የነበረን ሰውና በእውን የሆነን ነገር ነው። ሴትዮዋ አላለቀሰችም ወይ? አልቅሳለች። ልጁ አልተራበም ወይ? ተርቧል። ታዲያ ወቀሳው ከወዴት መጣ?

ወቀሳው የሚመጣው ካሜራ በራሱ እግር የማይሄድ፣ በራሱ ዓይንም የማያይ በመሆኑ ነው። ወዴት እንደሚዞር የሚወስን ሰው አለ። ብዙ ሰዓት ከተቀረጸው ውስጥ አንዱን ሰዓት አስቀርቶ ሌላውን የሚጥል፣ ከሣቁ በኋላ ለቅሶውን፣ ከለቅሶው በኋላ ዝምታውን የሚያስከትል ሰው አለ። ከዚህም በላይ ተመልካቹ ፊልሙን አይቶ ሲወጣ «ያቺ ሴት እንዲህ ሆነች» አይልም፤ «እነዚያ ሰዎች እንዲህ ናቸው» ይላል። አንዲት ሴት ሕዝብ ትሆናለች፤ አንድ ቀን ዘመን ይሆናል። እንግዲህ ጥያቄው ይህ ነው፤ አንድ ሰው ካሜራ ስለያዘ ብቻ፣ ስለ አንድ ማኅበረሰብ «እንዲህ ናቸው» ብሎ ለዓለም የመናገር መብቱን ከማን አገኘው? አገኘው እንኳ ብንል ዕዳው ምንድን ነው?

ጥያቄው ሁሉንም የሚመለከት ቢሆንም ይበልጥ የሚከብደው በግሉ ለሚሠራው ነው። የመንግሥት የካሜራ ባለሙያ በላዩ አለቃ አለው፤ የጣቢያ ሠራተኛም ሥራውን የሚያይለት አዘጋጅ አለው። በግሉ የሚሠራው ግን ከኅሊናው በቀር ተቆጣጣሪ የለውም። የሚኮራውም በዚህ ነፃነቱ ነው፤ ቢኮራም አይፈረድበትም። ይሁንና ከበላይ አለቃ ነፃ መውጣት አንድ ነገር ነው፤ ከካሜራው ፊት ከቆመው ሰው ነፃ መውጣት ደግሞ ሌላ ነገር ነው። የመጀመሪያው ክብር ሲሆን ሁለተኛው ክሕደት ነው። ችግሩ ሁለቱ ብዙ ጊዜ መምታታታቸው ነው።

ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ ነውና ከሙያው መነሻ እንጀምር። ብዙዎች የዘጋቢ ፊልም አባት የሚሉት አሜሪካዊውን ሮበርት ፍላኸርቲን ነው። እ.ኤ.አ. በ1922 ለሕዝብ ያቀረበው «ናኑክ ኦቭ ዘ ኖርዝ» በሰሜን ካናዳ የበረዶ ምድር የሚኖሩትን የኢኑይት ሰዎች ኑሮ ያሳያል። ወጪውን የሸፈነው ሬቪዮን ፍሬር የተባለ በአውሬ ቆዳ የሚነግድ የፈረንሳይ ኩባንያ ነበር። ፍላኸርቲ ሰዎቹን ይወዳቸው እንደ ነበር የሚጠራጠር የለም፤ አብሯቸው ኖሯል፣ የቀረጸውንም እዚያው አጥቦ ያሳያቸው ነበር። ነገር ግን «ናኑክ» ተብሎ የቀረበው አዳኝ እውነተኛ ስሙ አላካሪያላክ ነበር። በፊልሙ ውስጥ ሚስቱ የሆነችው ሴት ሚስቱ አልነበረችም። ጠመንጃ በአካባቢው የታወቀ መሣሪያ ሆኖ ሳለ አደኑ በጥንቱ በጦር ተደርጓል። የበረዶ ቤቱ ውስጡ ለካሜራ ጨለማና ጠባብ ስለ ሆነ፣ አንድ ጎኑ ክፍት የሆነ ቤት ተሠርቶ ቤተሰቡ በዚያ ሲተኛ ተቀርጿል። አዳኙም የሙዚቃ ሸክላ አይቶ እንደማያውቅ ሰው ሸክላውን በጥርሱ ሲነክስ ይታያል።

አንዳንዱ ይህን ሲሰማ «ውሸታም ነበር» ብሎ ይዘጋዋል። ነገሩ ግን እንዲህ ቀላል አይደለም። ሰዎቹ አውቀው ተባብረውታል፤ የአባቶቻቸውን የአደን ጥበብ ማሳየትም ሳያኮራቸው አልቀረም። ስለዚህ ጥፋቱን ከቤቱ ግድግዳ ላይ መፈለግ አይገባም። ጥፋቱ ጠመንጃ የሚያውቀውን፣ ከነጋዴ ጋር በዋጋ የሚከራከረውን፣ የፍላኸርቲ የዘመን እኩያ የሆነውን አላካሪያላክን ወስዶ ዘመን የሌለው «ናኑክ» ማድረጉ ነው። ፍቅር አልጎደለም፤ የጎደለው እኩያነት ነው። አንድን ሕዝብ ከልብ እየወደዱ፣ እየጎዱትም መኖር ይቻላልና፣ «እኔ እኮ እወዳቸዋለሁ» የሚለው ሁለተኛው ጋሻም ከመጀመሪያው የተሻለ አይደለም።

የእኛን አገር የሚመለከተው ምሳሌ ደግሞ ከዚህ ይመርራል። የወሎ ሕዝብ በረሃብ ባለቀበት ጊዜ በሥልጣን ላይ የነበሩት ሰዎች ነገሩ እንዲሸፈን ፈልገው ነበር። በእኛ ቋንቋ ለዚህ የሚሆን ጥንታዊና የተከበረ ቃል አለ፤ ገበና። ጨዋ ሰው የቤቱን ገበና አያወጣም፤ አገርም ቤት ናትና ገበናዋ ለባዕድ አይታይም የሚል ነው። ይሁን እንጂ እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ በወሎ ተዘዋውሮ የሠራው ፊልም ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታየ፤ ዓለምም ረሃቡን በሰፊው ዐወቀው። ርዳታም ተንቀሳቀሰ። እንግዲህ ያን ፊልም ገበና አወጣ ብሎ የሚነቅፍ ሰው ቢኖር፣ ከሚሞተው ሰው ይልቅ መጋረጃው የሚያሳዝነው ሰው ነው።

ታሪኩ ግን በዚህ አላበቃም። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ፣ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ሊወርዱ አንድ ሌሊት ሲቀራቸው፣ ያው ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ቀረበ። እንዳለ ግን አልነበረም። በረሃብተኞቹ ምስል መካከል የቤተ መንግሥት ግብዣ፣ የሠርግ ኬክና የንጉሠ ነገሥቱ ውሾች ሲቀለቡ የሚያሳዩ ምስሎች ገብተውበት ነበር። ያየ ሁሉ ተቆጣ፤ ቁጣውም ያለ ምክንያት አልነበረም። የተጨመሩት ምስሎችም ቢሆኑ የፈጠራ አልነበሩም። ሆኖም አንድ ነገር ልብ እንበል። ያ የወሎ ገበሬ በካሜራው ፊት የቆመው «ተርበናል፣ ድረሱልን» ለማለት ነበር። አንድ ዓመት ሳይሞላ ያው ፊቱ የመንግሥት መለወጫ መሣሪያ ሆነ። በዚያ ምሽት ቴሌቪዥን ባለበት ቤት የተቀመጠው ከተሜው እንጂ እርሱ አልነበረም። ምስሉ በማን እጅ እንዳለ፣ ከምን ጋር እንደ ተሰፋ፣ ለምን እንደ ዋለ የነገረው የለም።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ሁላችንም እናውቀዋለን። በዚያ ምስል የተጠቀመው መንግሥት ራሱ በ1977 ዓ.ም. መባቻ የአብዮቱን 10ኛ ዓመት በታላቅ ድግስ ሲያከብር፣ ሰሜኑ ዳግመኛ በረሃብ እያለቀ ነበር። ያንንም ዓለም በሰፊው ያወቀው ኬንያዊው የካሜራ ባለሙያ መሐመድ አሚንና የቢቢሲው ማይክል በርክ ከኮረም ያመጡት ምስል ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ከታየ በኋላ ነው። የወሎ ገበሬ ፊት ሥልጣን ለሚፈልግ ጠቅሟል፤ ለወሎ ገበሬ ግን በዐሥር ዓመቱ ዋስ ሊሆነው አልቻለም።

ከዚህ ሁለት ነገር እንማራለን። አንደኛው፣ ገበና ሁለት ዓይነት መሆኑን ነው። የድኻው ገበና አለ፤ የተቀደደ ልብሱ፣ ባዶ ሞሰቡ፣ በሰው ፊት ያነባው እንባ። የባለሥልጣኑም ገበና አለ፤ የደበቀው ሪፖርትና ያልከፈተው ጎተራ። የመጀመሪያው ሊጠበቅ የሚገባው የሰው ክብር ነው። ሁለተኛው ግን በክብር ስም የተሸፈነ በደል ነው። ባለሥልጣኑ «የአገር ገበና» እያለ የሚጮኸው ብዙውን ጊዜ የራሱን በድኻው ነጠላ ሊሸፍን ነው። ፊልም ሠሪው የማንን ገበና እያወጣ እንደ ሆነ ለይቶ ማወቅ አለበት። የድኻውን እንባ አሳይቶ የጎተራውን ቁልፍ የያዘውን ሰው ሳያሳይ የሚመለስ፣ ደፋር መስሎ የቀለለውን መንገድ የመረጠ ሰው ነው። ሁለተኛው ትምህርት፣ ምስል ከተቀረጸ በኋላም የሚጓዝ መሆኑ ነው። ስለዚህ የፊልም ሠሪው ኃላፊነት ካሜራው ሲጠፋ አይጠፋም።

ረሃብ ክፉ ቀን ነው፤ በክፉ ቀን ጩኸት ከጨዋነት ይቀድማል። ማኅበረሰቡ በደኅናው ጊዜ የራሱን ኑሮ እየኖረ ሳለ ካሜራ ይዞ የሚደርስ ሰውስ? ለዚህ የደቡብ ኦሞ ሐመሮች ጥሩ ምሳሌ ናቸው፤ አንዱን ሕዝብ በተለያየ መንገድ የቀረጹ ሰዎች ስላሉ ማነጻጸር ይቻላልና።

አሜሪካዊው ሮበርት ጋርድነር እ.ኤ.አ. በ1974 «የአሸዋ ወንዞች» የተባለውን ፊልም አወጣ። ጋርድነር ዓይነ ስል ሰው ነበር፤ ምስሎቹም ውብ ናቸው። የፊልሙ ሐሳብ ግን አንድ ነው፤ በሐመር ወንዱ ጌታ፣ ሴቷ ተገዥ ናት የሚል። ኦማሊ ኢንዳ የተባለች የሐመር ሴት በፊልሙ ውስጥ ተቀምጣ ስለ ትዳርና ስለ ዱላ በግልጽ ትናገራለች። የተናገረችው የገዛ ሕይወቷን ነውና ማንም ሊያስተባብላት አይችልም። እ.ኤ.አ. ከ1970 ጀምሮ በሐመር መካከል ሆነው ያጠኑትና ጋርድነርንም የረዱት ጂን ሊዳልና ባለቤቷ ኢቮ ስትሬከር ግን በፊልሙ አልተደሰቱም። የሐመር ሴት በፊልሙ እንደምትመስለው አንገቷን የደፋች አይደለችም፤ ቅንብሩም የሐመሮችን ሳይሆን የሠሪውን ሐሳብ ያስረዳል ሲሉ ተችተዋል።

ሊዳል በትችት ብቻ አልቆመችም። ከቢቢሲዋ ዳይሬክተር ከጆአና ሄድ ጋር እ.ኤ.አ. በ1990 «ፈገግ የሚሉት ሴቶች»፣ በ1991 «ሁለት ልጃገረዶች አደን ወጡ»፣ በ1994 ደግሞ «የእኛ የፍቅር መንገድ» ልንላቸው የምንችላቸውን ሦስት ፊልሞች ሠራች። በእነዚህ ፊልሞች ሴቶቹ ስለ ባል፣ ስለ ልጅ፣ ስለ ዱላም ጭምር ያወራሉ፤ ሲያወሩም ይሥቃሉ፣ ይቀልዳሉ፣ ይከራከራሉ። ዱካ የምትባለዋ ገና ለጋብቻ ስትዘጋጅ የታየች ልጃገረድ ቆይታ የልጆች እናት ሆና ትታያለች። ሊዳል ከልጇ ከካይራ ስትሬከር ጋር እ.ኤ.አ. በ2001 ባወጣችው ፊልም ደግሞ የዱካ ባል ሁለተኛ ሚስት አግብቶ፣ ዱካ ከዚህ ነገር ጋር ስትታገል እናያለን።

አንባቢ ልዩነቱን ያስተውል። ሁለቱም ወገኖች ዱላውን አልደበቁም። በከብት ዝላይ ሥርዓት ላይ የወጣቱ ዘመድ የሆኑ ሴቶች በአርጩሜ ይገረፋሉ፤ ራሳቸው ገራፊውን «ግረፈኝ» እያሉ ይሟገታሉ፤ ጠባሳውም ለወንድማቸው ያላቸው ፍቅር ምስክር፣ ወደፊትም በችግራቸው ጊዜ ውለታ የሚያስከፍል ነው። ይህን ሥርዓት ክፉ ነው ማለት ይቻላል፤ የሐመር ሴት ራሷም ልትለው ትችላለች። ግርፋት የለም ማለት ሐሰት ነው፤ ያለው ግርፋት ብቻ ነው ማለትም ሐሰት ነው። ልዩነቱን ያመጣው የካሜራው ጥራት ወይም የሠሪው ችሎታ አይደለም፤ ጊዜና መመለስ ነው። አንድ ጊዜ መጥቶ የሄደ ሰው በእጁ የሚቀረው ራሱ ይዞት የመጣው ሐሳብ ነው። ተመልሶ የሚመጣ ሰው ግን ትናንት የተናገረውን ዛሬ የሚያፈርስበት ሰው ያገኛል። ልጃገረዲቱ እናት ሆና ትጠብቀዋለች፤ «ያን ጊዜ የነገርሁህ ሌላ ነው፣ ዛሬ የማስበው ሌላ ነው» ልትለው ትችላለች።

መመለስ ሲባል በእግር መመለስ ብቻ አይደለም፤ ሥራውን ይዞ መመለስም ነው። ፈረንሳዊው ዣን ሩሽ በናይጀር ወንዝ ላይ ጉማሬ የሚያድኑ ሰዎችን ቀርጾ፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ፊልሙን ወስዶ ለራሳቸው ለአዳኞቹ አሳያቸው። ሩሽ አደኑ ሞቅ እንዲል የአካባቢውን ሙዚቃ ጨምሮበት ነበር። አዳኞቹ አይተው ተቃወሙ፤ በአደን ጊዜ ጸጥታ ነው እንጂ ሙዚቃ የለም፣ ጉማሬው ሰምቶ ይሸሻል አሉ። ሩሽም ሙዚቃውን አወጣው። በአዳራሽ የተቀመጠ ምሁር ያላየውን ስሕተት የወንዙ ሰው አየው። ሩሽ ከዚያ ወዲህ እንዲህ ያለውን የጋራ ሥራ የሕይወቱ መመሪያ አደረገው። እርሱም ቢሆን ከወቀሳ አላመለጠም፤ እ.ኤ.አ. በ1965 ሴኔጋላዊው ደራሲና ፊልም ሠሪ ኡስማን ሴምቤን ፊት ለፊት ተከራክሮት፣ እናንተ አፍሪካውያንን የምትመለከቱን እንደ ትል እንደ ጉንዳን ነው ብሎታል። ልብ ማለት የሚገባው ግን ሩሽ ለዚህ ወቀሳ የተመቸ ቦታ ላይ የቆመ መሆኑን ነው። የሚወቀሰው ተመልሶ ስለመጣ፣ ፊት ለፊትም ስለተቀመጠ ነው። ያልተመለሰውን ማን አግኝቶ ይወቅሰዋል?

እዚህ ላይ ብርቱ ተቃውሞ ይነሣል። «ማኅበረሰቡን ጠይቅ ትላለህ፤ ማኅበረሰቡ ማን ነው? ሽማግሌው የፈቀደውን ሴቲቱ ብትጠላውስ? ሴቲቱ ልትናገር የምትሻውን ሽማግሌው ቢከለክልስ?» ተቃውሞው እውነት አለው። ማኅበረሰብ አንድ አፍ የለውም። «ሕዝቡ ፈቅዷል» የሚል ሰው አብዛኛውን ጊዜ ያነጋገረው ሊቀመንበሩን ነው። ለዚህ ተቃውሞ የምሰጠው መልስ አጭር ነው፤ ፊት የማኅበረሰብ አይደለም፣ የሰው ነው። ኦማሊ ኢንዳ ስለ ገዛ ትዳሯ ስትናገር የሐመርን ሽማግሌዎች ፈቃድ መጠየቅ አይገባትም። በአንጻሩም የሐመር ሽማግሌዎች ሁሉ ቢፈቅዱ እርሷ ያልፈቀደችው ፊቷ የማንም አይደለም። ፈቃድ ከአንድ ሰው ወደ አንድ ሰው የሚሰጥ ነገር ነው። ተቀራጩም ምን እየሰጠ እንደ ሆነ፣ ማን እንደሚያየው፣ ወዴት እንደሚሄድ ሳያውቅ የሰጠው ፈቃድ ፈቃድ ሊባል አይችልም።

ሌላው ደግሞ «ከፍያለሁ» የሚል አለ። ደቡብ ኦሞን የጎበኘ ሁሉ እንደሚያውቀው፣ ቱሪስቱ ካሜራውን ሲያነሣ የአገሬው ሰው እጁን ይዘረጋል፤ ለአንድ ፎቶ ይህን ያህል ብር ተባብለው ይዋዋላሉ። በዚህ የሚያፌዙ አሉ። እኔ ግን ሰዎቹ ፊታቸው ዋጋ እንዳለው ማወቃቸውን አልነቅፍም፤ ሌላው በነፃ ሲወስደው ኖሯልና። ነገር ግን ክፍያ ዕዳን የሚዘጋው ለሸቀጥ ነው። ገዥና ሻጭ ከተለያዩ በኋላ የሚፈላለጉበት ነገር የለም። ፊት ግን ሸቀጥ አይደለም፤ ሽጦት የሄደው ሰው ነገም ይዞት ይኖራል።

ይህ ሁሉ የነጮችን ጉድ ለመዘርዘር የተጻፈ እንዳይመስል። የአገር ልጅ መሆን ከዕዳው ነፃ አያወጣም። ከአዲስ አበባ ተነሥቶ ሐመር የሚደርስ የካሜራ ባለሙያ ቋንቋውን ካላወቀ እርሱም እንግዳ ነው፤ እንግዳ መሆኑን አለማወቁ ደግሞ ከፈረንጁ የባሰ ያደርገዋል። በቴሌቪዥናችን ስንት ሕዝብ ሲጨፍር ብቻ ታይቶ አለፈ? ሲያስብ፣ ሲከራከር፣ ሲሰለች፣ ሒሳብ ሲሠራ የታየው ስንቱ ነው? የሚጨፍር ሕዝብ ሁልጊዜ ደስተኛ ነው፤ ደስተኛም ስለ ሆነ ጥያቄ የለውም። ይህም «ናኑክን» የመፍጠር ሌላው መንገድ ነው።

ዛሬ ደግሞ ካሜራው ከባለሙያው እጅ ወጥቶ በእያንዳንዳችን ኪስ ገብቷል። ምጽዋት የሚሰጠው ሰው ከብሩ በፊት ስልኩን ያወጣል። የታመመች እናት ጓዳዋ ድረስ ተገብቶ ስታለቅስ ትቀረጻለች፤ እንባዋ ካልታየ ርዳታው አይሰበሰብም ተብሎ። ርዳታው መሰብሰቡ እውነት ነው፤ መዳኗም እውነት ሊሆን ይችላል። ግን ያቺ እናት ስትድን፣ ልጆቿም ሲያድጉ፣ ያ እንባ የሠፈር ሰው ሁሉ ስልክ ውስጥ እንዳለ ይኖራል። የሰው ፊት እሳት ነው እንላለን፤ የሰው ፊት ዐይቶ መለመን ስለሚከብድ ነው። ዛሬ የምንጠይቃት የአንድ ሰው ሳይሆን የሺሕ ሰው ፊት እንድታይ ነው። በዚያ ጭንቅ ውስጥ «እሺ» ማለቷን ፈቃድ ብለን ልንጠራው እንደፍራለን?

እንግዲህ ፊልም አይሠራ፣ ካሜራ ይሰበር ልንል ነውን? አይደለም። ወሎ ባይቀረጽ ኖሮ ተጠቃሚው የጎተራው ባለቤት ነበር። የሚያስፈልገው አደራ የሚለውን አሮጌ ቃላችንን ከሣጥኑ ማውጣት ነው። አደራ የተቀበለ ሰው ንብረቱ በእጁ ስላለ የእርሱ አይሆንም። ይጠብቀዋል፤ ከታለመለት ነገር ውጭ አያውለውም፤ ሲጠየቅም ያስረክባል። አደራ ጥብቅ፣ ሰማይ ሩቅ የተባለውም የሰጪውና የተቀባዩ ጉዳይ ብዙ ጊዜ ሌላ ምስክር ስለሌለው ነው። በግሉ የሚሠራው ፊልም ሠሪ ሁኔታም ይኸው ነው፤ ማንም አያየውም፤ ማንም አይከስሰውም።

ስለዚህ መለኪያው ሽልማትም ሆነ የተመልካች ብዛት ሊሆን አይችልም። መለኪያው አንድ ቀላል ጥያቄ ነው፤ ይህን ፊልም ከቀረጽኋቸው ሰዎች መካከል ተቀምጬ፣ ከእነርሱ ጋር ላየው እችላለሁን? ያመሰግኑኛል ማለት አይደለም፤ ሊቆጡም ይችላሉ። በደል የሠራው ሰው መቆጣቱማ የማይቀር ነው፤ ይቆጣ። ጥያቄው ቁጣቸውን ቁጭ ብዬ ልሰማና ልመልስላቸው እችላለሁ ወይ ነው። ይህን የሚችል ሰው ረሃብንም፣ ዱላንም፣ ግፍንም ቢያሳይ እጁ ንጹሕ ነው። የማይችል ሰው ግን ጭፈራንና አበባን ብቻ ቢያሳይ እንኳ የሰው አደራ በልቷል። እርሱ ካሜራውን ይዞ ይሄዳል፤ እነርሱ ግን ፊታቸውን ይዘው እዚያው ይኖራሉና።